ኮሮጆው ከመከፈቱ በፊት፦ የኢንጂነር ኃይሉ ሻውል የፖለቲካ ጉዞ እና የምርጫ ሙስና

መግቢያ

በአገራችን «ሙስና» ሲባል ቶሎ ወደ አእምሯችን የሚመጣው ገንዘብ ነው። ጉቦ የተቀበለ ዳኛ፣ ቦታ የሸጠ የማዘጋጃ ቤት ሠራተኛ፣ ጨረታ ለዘመዱ የሰጠ ኃላፊ ወዘተ። የምርጫ ሙስና ግን ከእነዚህ ሁሉ ይለያል። የሚሰረቀው ብር ሳይሆን ውሳኔ ነውና። ብሩን የተሰረቀ ሰው ቢያንስ ከስሶ የማስመለስ ተስፋ አለው። ውሳኔውን የተሰረቀ ሕዝብ ግን አቤት የሚለው ያው በተሰረቀው ድምፅ ሥልጣን ላይ ለወጣው አካል ይሆንበታል። ስለዚህ የምርጫ ሙስና የሌሎች ሙስናዎች ሁሉ በር ከፋች ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ይህ ጽሑፍ የምርጫ ሙስና ምን እንደሆነና በየትኛው ደረጃ ላይ እንደሚፈጸም ለማስረዳት የሚሞክር ነው። ነገሩ በባዶው እንዳይሆን የሸዋ ተወላጅ የሆኑትን የኢንጂነር ኃይሉ ሻውልን የፖለቲካ ጉዞ እንደ ማሳያ እንጠቀማለን። ኢንጂነር ኃይሉ በመስከረም 26 ቀን 2009 ዓ.ም. አርፈዋል። ደጋፊም ተቃዋሚም የነበራቸው ሰው ናቸው። ዓላማችን እርሳቸውን ማመስገን ወይም መውቀስ አይደለም። በአንድ ሰው ዕድሜ ውስጥ ምርጫ እንዴት ተስፋ ሆኖ እንዴት እንደተመለሰ ለማየት ከእርሳቸው የተሻለ ምሳሌ ስለማይገኝ ነው።

ሹመት እና ምርጫ

እንደሚታወቀው የሰሜን ሸዋ ሕዝብ ለመንግሥት እንግዳ አይደለም። ደብረ ብርሃን በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ መቀመጫ ነበረች። አንኮበር ደግሞ የሸዋ ነገሥታት መናገሻ ሆና እስከ ዐፄ ምኒልክ ዘመን ቆይታለች። ነገር ግን ሕዝቡ ለዘመናት የሚያውቀው ሥልጣን ከላይ ወደ ታች የሚወርድ ነው። ንጉሡ ይሾማል፣ ይሽራል፤ ጭቃ ሹሙና መልከኛው ደግሞ የበላዩን ፊት እያየ ያስተዳድራል። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው አባባል የወጣው ከዚህ ሥርዓት ነው። አባባሉን ልብ ብለን ካየነው ስለ ሌብነት ብቻ የሚናገር አይደለም። ሹሙ ተጠሪነቱ ለሾመው እንጂ ለሚያስተዳድረው ሕዝብ ስላልሆነ ጊዜው እስኪያልፍ ይጠቀምበታል ማለት ነው።

ምርጫ የሚባለው ነገር በአገር አቀፍ ደረጃ የመጣው በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ከታወጀ በኋላ ነው። የመጀመሪያው የሕግ መምሪያ ምክር ቤት ምርጫም በ1950 ዓ.ም. መጀመሪያ ተካሄደ። ታዲያ በዚያ ምርጫ ፓርቲ የሚባል ነገር አልነበረም። ዕጩ ለመሆን በምርጫው ክልል ውስጥ 1,000 ብር የሚገመት የማይንቀሳቀስ ወይም 2,000 ብር የሚገመት የሚንቀሳቀስ ንብረት ያስፈልግ ነበር። ይህ በዚያን ጊዜ ቀላል ገንዘብ አይደለም። ጭሰኛው መምረጥ ይችላል እንጂ መመረጥ አይችልም ማለት ነው። በደርግ ጊዜ ደግሞ በ1979 ዓ.ም. የ835 መቀመጫ ብሔራዊ ሸንጎ ምርጫ ሲካሄድ የንብረቱ መስፈርት ቀርቶ በቦታው የኢሠፓ ይሁንታ ገባ።

ከዚህ የምንማረው አንድ ቁም ነገር አለ። ምርጫን ለማበላሸት የግድ ኮሮጆ መስረቅ አያስፈልግም። ማን ዕጩ መሆን እንደሚችል የሚወስነውን በር መያዝ በቂ ነው።

ከመአሕድ ወደ መኢአድ

ኢንጂነር ኃይሉ በሙያቸው መሐንዲስ ናቸው። ስማቸው በፖለቲካው መድረክ ጎልቶ የወጣው ከ1983 ዓ.ም. ለውጥ በኋላ በመላው አማራ ሕዝብ ድርጅት (መአሕድ) በኩል ነው። መአሕድ በጥር 1984 ዓ.ም. በታዋቂው የቀዶ ሕክምና ሐኪም በፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ መሪነት የተመሠረተ ነው። ለእኛ አካባቢ ይህ ድርጅት ሩቅ አይደለም። ፕሮፌሰሩ ከተከሰሱባቸውና ከተፈረደባቸው ጉዳዮች አንዱ እዚሁ ደብረ ብርሃን ላይ በሕዝብ ፊት ያደረጉት ንግግር ነበርና። ለዓመታት ታስረው ጤናቸው ከተጎዳ በኋላ በታኅሣሥ 1991 ዓ.ም. ተፈቱ። ለሕክምና ወደ ውጭ ሄደውም በግንቦት 6 ቀን 1991 ዓ.ም. በአሜሪካ አረፉ።

ከፕሮፌሰሩ በኋላ ድርጅቱ ስሙንም ዓላማውንም አስፍቶ የመላው ኢትዮጵያ አንድነት ድርጅት (መኢአድ) ሲባል ሊቀመንበሩ ኢንጂነር ኃይሉ ሆኑ። በ1997 ዓ.ም. መኢአድ፣ ኢዴአፓ-መድኅን፣ ቀስተ ደመና እና የኢትዮጵያ ዴሞክራሲያዊ ሊግ ተጣምረው ቅንጅትን ፈጠሩ። ሊቀመንበርነቱም ለእርሳቸው ተሰጠ። ምክትላቸው የሕግ ባለሙያዋ ወ/ሪት ብርቱካን ሚደቅሳ ነበሩ። ይህን ስም አንባቢ ይያዝልን፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

ግንቦት 7

በ1992 ዓ.ም. በተደረገው ምርጫ ተቃዋሚዎች በፓርላማ ያገኙት መቀመጫ 12 ብቻ ነበር። በ1997 ግን ሁኔታው ተለወጠ። በቴሌቪዥን ክርክር ተላለፈ፤ ገበሬውም፣ ነጋዴውም፣ ተማሪውም በሬዲዮ አዳመጠ። ሚያዝያ 30 በመስቀል አደባባይ ቅንጅት የጠራው ሰልፍ እስካሁን ይወራለታል። ግንቦት 7 ቀን ሕዝቡ ከሌሊት ጀምሮ ተሰልፎ መረጠ።

ችግሩ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በዚያው ዕለት ማታ ጠቅላይ ሚኒስትር መለስ ዜናዊ በአዲስ አበባና በአካባቢዋ ለአንድ ወር ሰልፍ መከልከሉን አስታወቁ። ውጤቱ በይፋ ሳይጠናቀቅ ኢሕአዴግም ቅንጅትም አሸነፍን አሉ። ቅንጅት ድምፅ ተሰርቋል ሲል ከሰሰ፤ መንግሥት በበኩሉ ክሱን አስተባብሎ ተቃዋሚዎችን በአመፅ ሥልጣን ለመያዝ ፈልጋችኋል አለ። በ299 የምርጫ ክልሎች ላይ አቤቱታ ቀረበ። ከብዙ ክርክር በኋላ በ31 የምርጫ ክልሎች በነሐሴ 15 ቀን ድጋሚ ምርጫ ተደረገ። በመጨረሻ ከ547 መቀመጫ ኢሕአዴግ 327፣ ቅንጅት 109፣ ኅብረት 52 ተባለላቸው። በአዲስ አበባ ምክር ቤት ግን ከ138 መቀመጫ 137ቱ የቅንጅት ሆነ። የአውሮፓ ኅብረት ታዛቢ ቡድን በመጨረሻው ሪፖርቱ ምርጫው ዓለም አቀፍ መመዘኛዎችን አላሟላም ብሏል።

ዋጋው ግን በወንበር ብቻ የሚቆጠር አልነበረም። በሰኔ 1 ቀን 1997 ዓ.ም. እና ከጥቅምት 22 ቀን 1998 ዓ.ም. ጀምሮ በተነሣው ሁከት ጊዜ የጠፋውን ሕይወት እንዲያጣራ የተቋቋመው አጣሪ ኮሚሽን 193 ሰላማዊ ሰዎችና 6 ፖሊሶች መሞታቸውን አረጋግጧል። ኢንጂነር ኃይሉና የቅንጅት መሪዎች፣ ጋዜጠኞችም ጭምር ታሰሩ። ዕድሜ ልክ ከተፈረደባቸው በኋላ በሐምሌ 13 ቀን 1999 ዓ.ም. በይቅርታ ወጡ።

ድምፅ የሚጠፋባቸው አራት በሮች

እንግዲህ «ድምፅ ተሰረቀ» ሲባል ብዙ ሰው የሚያስበው በሌሊት ኮሮጆ የሚለውጥ ሰው ነው። ይህ አንዱ ብቻ ነው። በዝርዝር ስናየው ድምፅ የሚጠፋው በአራት በሮች ነው።

1ኛ. ከምርጫው በፊት። ይህ ዋነኛው በር ነው። ገበሬው መሬቱን የያዘው ከመንግሥት ነው፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነውና። በአማራ ክልል በ1989 ዓ.ም. በተደረገው የመሬት ሽግሽግ በደርግ ጊዜ የቀበሌ አመራር የነበሩ ሰዎች «ቢሮክራሲ» እየተባሉ ይዞታቸው ተቀንሶባቸዋል። ይህን ያየ ገበሬ ቀበሌውን ቢፈራ ምን ይገርማል? ማዳበሪያውም፣ ብድሩም፣ መታወቂያውም፣ የድጋፍ ደብዳቤውም የሚወጣው ከዚያው ቀበሌ ነው። ሂዩማን ራይትስ ዎች በ2003 ዓ.ም. ባወጣው ሪፖርት ማዳበሪያ፣ ምርጥ ዘር፣ ብድርና ሴፍቲኔት ለገዢው ፓርቲ ድጋፍ መለዋወጫ ሆነዋል ሲል ከስሷል፤ መንግሥት ግን ክሱን አልተቀበለውም። ክሱን ለጊዜው ብንተወው እንኳ የአሠራሩ አደጋ ግልጽ ነው። አንዱ ሰው የቀበሌ ሊቀመንበርም፣ የፓርቲ አባልም፣ የማዳበሪያ አከፋፋይም ከሆነ ማስፈራራት አይጠበቅበትም። ዝም ብሎ መዝገቡን ይዞ ቢቀመጥ ይበቃዋል።

2ኛ. በምርጫው ዕለት። ሌላ ሰው ተመዝግቦ መምረጥ፣ ላልመጣ ሰው ምልክት ማድረግ፣ የተቃዋሚ ታዛቢን ከጣቢያው ማስወጣት፣ መራጩን እስከ ድምፅ መስጫው ሚስጥራዊ ቦታ ድረስ ማጀብ እዚህ ላይ ይመደባሉ። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ የምርጫ ወንጀሎችን ለይቶ ይቀጣል። ማለትም ሕጉ አለ።

3ኛ. በቆጠራና በማጠቃለያ ላይ። በሕጋችን ቆጠራ የሚደረገው እዚያው ጣቢያ ላይ ነው፤ ውጤቱም ለሕዝብ ይለጠፋል። ይህ በጣም ጥሩ አሠራር ነው። ለምን? በምሳሌ እንየው። አንድ የምርጫ ክልል 50 ጣቢያ አለው እንበል። በ48ቱ ጣቢያዎች ሀ ለን በ600 ድምፅ ይበልጠዋል። በቀሩት ሁለት ጣቢያዎች የሀ ታዛቢ ተባርሮ ለ በእያንዳንዱ 400 ድምፅ ብልጫ አገኘ ቢባል ለ በ200 ድምፅ አሸናፊ ሆነ ማለት ነው። ምርጫችን አንድ ድምፅም ቢሆን የበለጠ የሚያሸንፍበት ስለሆነ ሁለት ጣቢያ ሃምሳውን ሊገለብጥ ይችላል። የተለጠፈውን ወረቀት ቀድቶ የሚደምር ሰው ካለ ግን ይህ ዓይነቱ ነገር ቶሎ ይታወቃል።

4ኛ. በአቤቱታ ላይ። አቤቱታውን የሚሰማው አካል ገለልተኛ ካልሆነ ቀደም ያሉት ሦስት በሮች ሁሉ በዚህኛው ይዘጋሉ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 102 ከማንኛውም ተጽዕኖ ነፃ የሆነ ምርጫ ቦርድ ይኖራል ይላል። በ1997 ትልቁ ክርክር ይኸው ነበር። ተቃዋሚዎች ቦርዱን አላመኑትም። ዳኛው ካልታመነ ፍርዱ ትክክል ቢሆን እንኳ የሚቀበለው የለም።

ከአራቱ በሮች ታዛቢ አይቶ የሚዘግበው ሁለተኛውንና ሦስተኛውን ነው። የመጀመሪያው ግን ዓመቱን ሙሉ ክፍት ነው። ለዚህ ጥሩ ማስረጃ የሚሆነው በሚያዝያ 5 እና 12 ቀን 2000 ዓ.ም. የተካሄደው የአካባቢ ምርጫ ነው። በየቀበሌው የምክር ቤት አባላት ቁጥር በጣም ከፍ ተደርጎ በአገር አቀፍ ደረጃ ከ3 ሚሊዮን በላይ መቀመጫ ለውድድር ቀረበ። ይህን ያህል ዕጩ ማቅረብ የሚችለው ገዢው ፓርቲ ብቻ ነበር። ዋና ዋናዎቹ ተቃዋሚዎችም ዕጩዎቻችን ተዋክበዋል በሚል ወጡ ወይም ተዳከሙ፤ ኢሕአዴግ ከ99 በመቶ በላይ ያዘ። እዚህ ላይ ኮሮጆ መስረቅ ለምን ያስፈልጋል?

የሥነ ምግባር ደንቡና ጥያቄው

ከእስር በኋላ ቅንጅት ተከፋፈለ። ወ/ሪት ብርቱካን አንድነት የተባለውን ፓርቲ መሠረቱ፤ የቅንጅት ስም በምርጫ ቦርድ ውሳኔ ለአቶ አየለ ጫሚሶ ቡድን ተሰጠ፤ ኢንጂነር ኃይሉም ወደ መኢአድ ተመለሱ። ከዚያ በጥቅምት 20 ቀን 2002 ዓ.ም. ብዙዎችን ያስደነገጠ ነገር ሆነ። ኢንጂነር ኃይሉ ከአቶ መለስ፣ ከአቶ ልደቱ አያሌውና ከአቶ አየለ ጋር ተቀምጠው የምርጫ ሥነ ምግባር ደንብ ፈረሙ። ደንቡ ቀጥሎ አዋጅ ቁጥር 662/2002 ሆኖ ወጣ።

ደጋፊዎቻቸው በሁለት ተከፈሉ። «ያሰራቸው ሰው ጋር እንዴት ይጨባበጣሉ?» ያሉ ብዙ ነበሩ። በሌላ በኩል ደግሞ «በሰላም ለመወዳደር ካልተስማሙ ምን ሊያደርጉ ነው? ጫካ ሊገቡ ነው ወይ?» የሚሉም ነበሩ። ሁለቱም ወገን እውነት አለው። ደንቡ በራሱ መጥፎ አልነበረም። ማስፈራራትን፣ ጉቦን፣ በመንግሥት ንብረት መቀስቀስን ይከለክላል። ጉድለቱ ያለው ሌላ ቦታ ነው። ደንቡ ፓርቲዎችን እኩል አድርጎ ይመለከታል። በመሬት ላይ ግን አንደኛው ፓርቲ ቀበሌውን፣ ፖሊሱንና ሬዲዮ ጣቢያውን ይዟል፤ ሌላው ቢሮ ለመከራየት እንኳ ይቸገራል። እኩል ላልሆኑ ሰዎች እኩል ደንብ ማውጣት ለበለጠው ማድላት ነው።

ውጤቱም ይህንኑ አሳየ። ግንቦት 15 ቀን 2002 ዓ.ም. በተደረገው ምርጫ ኢሕአዴግና አጋሮቹ ከ547 መቀመጫ 545ቱን ወሰዱ። ለተቃዋሚ የቀረው አንድ መቀመጫ የመድረክ ሲሆን ሌላው የግል ተወዳዳሪ ነበር። ደንቡን የፈረመው መኢአድ አንድም አላገኘም። መድረክና መኢአድ ምርጫው እንዲደገም ጠየቁ፤ ተቀባይነት አላገኙም። ከአምስት ዓመት በኋላ በ2007 ዓ.ም. ደግሞ 547ቱም የኢሕአዴግና የአጋሮቹ ሆነ።

በእኔ አስተያየት የኢንጂነር ኃይሉን ፊርማ እንደ ክህደት ማየት ነገሩን ማቅለል ነው። ሰውዬው ሁለቱንም መንገድ ሞክረዋል። በ1997 ውጤቱን አልቀበልም ብለው ወኅኒ ወረዱ፤ በ2002 ሕጉን ተቀብለው ገብተው ባዶ እጃቸውን ወጡ። እምቢ ያለም እሺ ያለም እኩል የሚሸነፍበት ምርጫ ከሆነ ችግሩ ከተወዳዳሪው ጠባይ ሳይሆን ከሜዳው ነው። ይህ ማለት ግን ተቃዋሚዎች ነፃ ናቸው ማለት አይደለም። ሕዝብ የሰጣቸውን ድምፅ ይዘው እርስ በርስ በሥልጣን መጣላታቸው፣ በየፓርቲያቸው ውስጥ መሪን በሥርዓት መርጦ ማውረድ አለመልመዳቸው ሜዳውን ለያዘው ወገን ሥራውን አቅልሎለታል።

ሌሎች አገሮችስ?

የምርጫ ሙስና የእኛ ብቻ አይደለም። ዛሬ የዴሞክራሲ አስተማሪ የምትባለው እንግሊዝ እስከ 1832 እ.ኤ.አ. ድረስ ነዋሪ ያልነበረባቸው ቦታዎች ጭምር ወደ ፓርላማ ሰው ይልኩ ነበር። እስከ 1872 እ.ኤ.አ. ደግሞ መራጩ ድምፁን የሚሰጠው በግልጽ ነበር፤ ባለ መሬቱ ጭሰኛው ማንን እንደመረጠ ያይ ነበር ማለት ነው። ሚስጥራዊ ድምፅ በ1872 በሕግ ሲገባ፣ በ1883 ደግሞ ለምርጫ የሚወጣው ገንዘብ ሲገደብ ነገሩ እየተስተካከለ መጣ። ልብ እንበል፤ ሰዎቹ በአንድ ጊዜ ቅዱስ አልሆኑም። ማጭበርበሩ ዋጋ እንዳይኖረው ተደርጎ ነው።

ቅርባችንም ምሳሌ አለ። የኬንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2017 እ.ኤ.አ. የፕሬዚዳንቱን ምርጫ ውጤት ሰርዞ እንደገና እንዲካሄድ አዘዘ። በ2020 እ.ኤ.አ. የማላዊ ፍርድ ቤት ተመሳሳይ ውሳኔ ሰጠ፤ በድጋሚው ምርጫም ተቃዋሚው አሸነፈ። እንግዲህ አራተኛው በር በትክክል ሲሠራ ምን ሊያደርግ እንደሚችል ይህ በቂ ማሳያ ነው። በእነዚህ አገሮች ያኮረፈው ሁሉ አደባባይ ከመውጣት ይልቅ ማስረጃውን ይዞ ፍርድ ቤት የሚሄድበት ምክንያት አገኘ።

ማጠቃለያ

ከላይ ያንን ስም ያዙልን ብለን ነበር። የኢንጂነር ኃይሉ ምክትል የነበሩት፣ አብረዋቸው የታሰሩት ወ/ሪት ብርቱካን ሚደቅሳ በኅዳር 2011 ዓ.ም. የብሔራዊ ምርጫ ቦርድ ሰብሳቢ ሆነው ተሾሙ፤ እስከ 2015 ዓ.ም. ድረስም አገለገሉ። በእርሳቸው ጊዜ አዋጅ ቁጥር 1162/2011 ወጥቶ የምርጫ ሕጉ ተሻሻለ። ሰኔ 14 ቀን 2013 ዓ.ም. በተካሄደው ምርጫ ቦርዱ አቤቱታዎችን መርምሮ በአንዳንድ የምርጫ ክልሎች ድጋሚ ምርጫና ድጋሚ ቆጠራ አዟል። ይህ በ1997 ከነበረው ጋር ሲነጻጸር ለውጥ ነው። ያም ሆኖ ውጤት ከተገለጸባቸው 436 መቀመጫዎች ብልጽግና ፓርቲ 410ሩን አሸንፏል። አራተኛው በር ቢጠገንም የመጀመሪያው በር፣ ማለትም ቀበሌና ፓርቲ አንድ የመሆኑ ነገር፣ ገና መልስ ያላገኘ ጥያቄ መሆኑን ይህ ቁጥር ያስታውሰናል።

እኛ የዚህ ዲፓርትመንት ተማሪዎች ከዚህ ምን እንወስዳለን? አብዛኞቻችን ተመርቀን የምንሄደው ወደ ወረዳና ቀበሌ ነው። አንዳንዶቻችን ያንን የማዳበሪያ መዝገብ የምንይዝ፣ ደብዳቤውን የምንጽፍ፣ በምርጫ ጊዜም አስፈጻሚ ሆነን የምንቀመጥ እንሆናለን። የምርጫ ሙስና በሩቅ ያለ ትልቅ ሰው ብቻ የሚሠራው አይደለም። አንድ ተራ ሠራተኛ ታዛቢ ሲባረር አይቶ ዝም ሲል፣ ያልተሞላ ቅጽ ላይ ሲፈርም፣ «ይህ ገበሬ የእኛ አይደለም» ብሎ ተራውን ሲያሳልፍ ነው የሚጀመረው። ኢንጂነር ኃይሉን የገጠማቸው ችግር ሲመነዘር እንዲህ ያሉ ብዙ ትናንሽ ፊርማዎች ድምር ነው።

በተረፈ በዩኒቨርሲቲያችን ውስጥም ምርጫ አለ። የክፍል ተወካይና የተማሪዎች ኅብረት ምርጫ ላይ ስንት ሰው እንደመጣ ሳይቆጠር እጅ አውጥተን «አለፈ» እንላለን። ይህን ትንሽ ነገር በሥርዓት ማድረግ ብንጀምር፣ ማለትም ድምፅ በሚስጥር ብንሰጥ፣ ውጤቱን በግድግዳ ብንለጥፍ፣ ቅሬታ ያለውን ብንሰማ፣ ነገ በወረዳው ለሚጠብቀን ሥራ መለማመጃ ይሆነናል።